ልዕልቷን ማን ነጻ አወጣት?

«ሰምና ወርቅ ማለት ሱፐርፖዚሽን ነው።»

ይህን ዓረፍተ ነገር በመድረክም፣ በሬዲዮም፣ በቡና ወሬም ስንት ጊዜ እንደሰማሁት ቆጥሬ አልዘልቀውም። ሱፐርፖዚሽን በኳንተም ፊዚክስ አንድ ቅንጣት እስኪለካ ድረስ ከአንድ በላይ ሁኔታ ባንድ ጊዜ መያዙ ነው። የሚናገረው ሰው አብዛኛውን ጊዜ የተማረ ነው፤ አገሩንም ይወዳል። የሚቀጥለውንም በቃሌ ይዤዋለሁ፤ ተረት እስኪነገር ድረስ እንደ ሞገድ ተበትኖ ይኖራል፣ ሰሚ ሲያገኝ ይሰበሰባል፣ አባቶቻችን ፈረንጅ ያላለመውን ኳንተም በቅኔ ቤት ጨርሰውታል። ስለዚህ ኳንተም ፊዚክስንና የተረት ጥናትን አጋብተን የራሳችን የሆነ አዲስ የእውቀት ዘርፍ እናቋቁም። አዳራሹ ያጨበጭባል። እኔ አላጨበጭብም። ይህ ጋብቻ ሁለቱንም ወገን ይጎዳል፤ ይበልጥ የሚጎዳው ደግሞ ተረቱ ነው።

ተከራካሪዎቼን ከሚገባቸው አሳንሼ አላቀርብም። ኳንተም ፊዚክስን ያቆሙት ሰዎች ራሳቸው ያለ ተረት መናገር አልቻሉም ይላሉ፤ እውነት ነው። ሽሮዲንገር በ1935 ሐሳቡን ያስረዳው ሳጥን ውስጥ በተዘጋባት ድመት ነው (ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር እጽፋለሁ)። ኒልስ ቦር በ1947 የዴንማርክን ትልቅ ኒሻን ሲሸለም ለዓርማው የመረጠው የቻይናውያንን የዪንና ያንግ ክብ ነው። እነሱ ከሩቅ ምሥራቅ ሲጠቅሱ ሊቅ ከተባሉ፣ እኛ ከቅኔያችን ስንጠቅስ ለምን እንነወራለን? በሁለቱም መስክ ታዛቢው ከነገሩ ውጭ እንደማይቆም ይነግሩናል፤ ተረት ለልጅ ሲነገር ሌላ ነው፣ ለሽማግሌ ሲነገር ሌላ። ጀሮም ቡዝማየርና ፒተር ብሩዛ የተባሉ ምሁራን በ2012 የኳንተምን የዕድል ስሌት ለሰው ልጅ ፍርድና ውሳኔ ያዋሉበት መጽሐፍ ማሳተማቸውንም ይጠቅሳሉ።

ከሁሉም የሚከብደው ግን የመጨረሻው ነው። ተረታችን ለረጅም ዘመን የኋላ ቀር ሕዝብ ቅዠት ተደርጎ ተቆጥሯል። በየትምህርት ቤቱ ተረት የውሸት ሌላ ስም ነው። አንዲት የአምባሰል ልጅ የአያቷ ተረት ከዓለም ትልቁ ሳይንስ ጋር ዝምድና አለው ሲባል ብትሰማ ቀና ብላ አትሄድም? ይህን ጥያቄ አቅልዬ አላየውም። እመለስበታለሁ።

በቅኔው ልጀምር፤ ዋናው ምሽጋቸው እሱ ነውና። «ገደሉ» የሚለውን ቃል እንውሰድ። ደ ሲላላ፣ አምባሰል አፋፍ ላይ የቆመ ሰው ቁልቁል የሚያየው ነው። ሲጠብቅ ደም ፈስሷል። በጽሑፍ ሁለቱ አንድ ናቸው። ባለቅኔ ይህን ቃል ኅብር አድርጎ ስለ አምባው ግርማ የሚያወራ መስሎ የወንድሙን መገደል ሊናገርበት ይችላል። የኳንተም ወዳጆቻችን እዚህ ላይ ይነሡና «ይኸው! ቃሉ እስኪፈታ ድረስ ሁለቱንም ነው» ይላሉ።

አይደለም። ባለቅኔው ወርቁን ያውቀዋል፤ የቀበረው ራሱ ነው። ወርቁ ሰሚው እስኪያገኘው ድረስ ሳይወሰን አልቆየም፤ ተወስኖና ተሸሽጎ ነው የቆየው። አለማወቁ የሰሚው እንጂ የነገሩ አይደለም። ቅኔ ቆጥሮ፣ አገባብ ተምሮ የወጣ ሰው ይህን ያውቃል። ተማሪው ወርቅ የሌለው ቅኔ ይዞ ቢቀርብ የኔታ «ወርቁ የት አለ?» ይሉታል እንጂ «እስክለካው ጠብቅ» አይሉትም።

ኳንተም ፊዚክስ የሚለው ደግሞ የዚህን ተቃራኒ ነው። ጥንድ ጫማ ነጣጥዬ አንዱን ወደ ደሴ፣ ሌላውን ወደ መርሳ ብልክ፣ ደሴ ያለው ሰው እሽጉን ፈትቶ የግራውን ሲያገኝ መርሳ የደረሰው የቀኙ መሆኑን በቅጽበት ያውቃል። ተአምር የለበትም፤ ስጠቀልል የተወሰነ ነገር ነው። አንስታይን የተቆራኙ ቅንጣቶችም (የአንዱ ልኬት ከሌላው ልኬት ጋር የሚዛመድ ጥንዶች) እንዲህ እንደ ጫማው ናቸው፣ ገና ያልደረስንበት የተሸሸገ ነገር በውስጣቸው አለ ብሎ ያምን ነበር። ጆን ቤል በ1964 ይህን እምነት ወደ ስሌት ለወጠው፤ ቅንጣቶቹ ጫማ ከሆኑ የሁለቱ ልኬቶች ዝምድና ከዚህ ጣሪያ አያልፍም አለ። ጆን ክላውዘር፣ አላን አስፔና አንቶን ዛይሊንገር በየጊዜያቸው ለኩት። ጣሪያው ተጥሶ ተገኘ። በ2022 የኖቤልን ሽልማት አብረው የተቀበሉት ለዚህ ሥራ ነው። ቅንጣቶቹ ጫማ አይደሉም፤ ከልኬቱ በፊት እዚያው በጉያቸው ተቀምጦ ፈላጊ የሚጠብቅ ወርቅ የላቸውም።

ቅኔ ግን ጫማ ነው። ጠቅላይ አለው፣ ሐሳብ አለው፣ ተንኮል አለው። ደግሞስ ወርቁ ሲገኝ ሰሙ የት ይሄዳል? የኳንተም ልኬት አንዱን ውጤት ይሰጥና ሌላውን ያስቀራል። የቅኔ ደስታ ግን ሁለቱን ባንድ ጊዜ ይዞ መደነቅ ነው፤ ወርቁን ያገኘ ሰው ወደ ሰሙ ተመልሶ «እንዴት ሸፈነው!» ይላል። ሰምና ወርቅ የኳንተም ምሳሌ አይደለም ብቻ ብዬ አላበቃም። ኳንተም ምን እንዳልሆነ ለተማሪ ለማስረዳት ከሰምና ወርቅ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም። ወዳጆቻችን የያዙት ጥሩ ምሳሌ ነበር፤ የያዙት ግን በጭራው ነው።

«ታዛቢ» የሚለውም ቃል ብዙ ሰው አሳስቷል። በፊዚክስ ላብራቶሪ ውስጥ ታዛቢ ማለት ነፍስ ያለው፣ ልቡ የሚመታ ሰው ማለት አይደለም። የመለኪያ መሣሪያ ነው፤ አንዲት የባዘነች የብርሃን ቅንጣት ወይም የአየር ሞለኪውል እንኳ ሥራውን ትሠራለች። ምሽት ላይ እሳት ዳር የተቀመጠ ልጅ ይህ ነው? ልጁ ያፍራል፣ ይፈራል፣ «ከዚያስ?» ይላል፣ ትናንት የሰማውን ዛሬ ሲለወጥ «እንዲህ አልነበረም!» ብሎ ይከራከራል። ተራኪዋ ፊቱን አይታ ቃሏን ትመርጣለች። ይህን ሁሉ «ልኬት» በሚል አንድ ቃል ስንጠራው ምን አተረፍን? ልጁን መሣሪያ አደረግነው እንጂ።

ለቡዝማየርና ለብሩዛ ግን የሚገባቸውን እሰጣለሁ። እነሱ አእምሮ በኳንተም ይሠራል አላሉም፤ ሒሳቡን ብቻ ነው የተዋሱት። በመጠይቅ ላይ የጥያቄዎች ቅደም ተከተል ሲቀየር መልሶች እንዴት እንደሚቀየሩ በቁጥር ተንብየው ከመረጃ ጋር ያስተያያሉ፤ ትንቢቱ ቢከሽፍ መክሸፉ ይታወቃል። የእኛ አዳራሽ ግን ምን ቁጥር አቀረበ? ሊከሽፍ የሚችል አንድ ትንቢት እንኳ ተናግሯል? ቦርም ቢሆን ዪንና ያንግን ዓርማው ላይ አኖረው እንጂ ከዚያ ምልክት አንድም ስሌት አላወጣም። የሽሮዲንገር ድመትም ከቀመሩ በኋላ የመጣች ናት፤ ቀመሩ የታተመው በ1926 ነው። ድመቷ የመጣችው ቀመሩን ቃል በቃል መውሰድ ወዴት እንደሚያደርስ ለማሳየት ነው።

ይህ ዘርፍ ሌላ ቦታ ተሞክሮም ታይቷል። በ1996 አላን ሶካል የተባለ የኒውዮርክ የፊዚክስ መምህር ስለ ኳንተም ስበትና ስለ ትርጓሜ ጥበብ ሆን ብሎ ትርጉም የለሽ ነገር የታጨቀበት ጽሑፍ አዘጋጅቶ ለአንድ የታወቀ የባህል ጥናት መጽሔት ላከ። መጽሔቱ አተመው። ሶካል ወዲያው ያደረገውን በሌላ ኅትመት አጋለጠ። እዚያ የተዋረደው ፊዚክስ አልነበረም። ለዓመታት የደረጀ የሰብአዊ ጥናት፣ ያልገባውን ቃል ስለተሸከመ ብቻ መሳቂያ ሆነ። እኛ በገዛ እጃችን እዚያ ጉድጓድ ለመግባት ለምን እንጣደፋለን?

አሁን ደሴ አጠገብ ወዳለው ሐይቅ ወደተባለው ቦታና ወደ ገዳሙ ልምጣ፤ ጉዳቱ በግልጽ የሚታየው እዚህ ነው።

በ1270 ይኩኖ አምላክ ዙፋን ላይ ሲወጣ ማን ረዳው? የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ትውፊት አባ ኢየሱስ ሞዓ ናቸው ይላል። የደብረ ሊባኖስ ትውፊት ደግሞ አቡነ ተክለ ሃይማኖት ናቸው ይላል። ተክለ ሃይማኖት የኢየሱስ ሞዓ ደቀ መዝሙር ሆነው እዚሁ ሐይቅ ተምረዋልና ነገሩ የመምህርና የተማሪ ነው። ሁለት ታሪክ፣ አንድ ዙፋን። በአዲሱ ዘርፍ ሕግ ይህ ቀላል ነው፤ ሁለቱም በሱፐርፖዚሽን እውነት ናቸው ተብሎ ይታለፋል። ማንም አይቀየምም፤ ማንም ግን ምንም አያውቅም።

ፕሮፌሰር ታደሰ ታምራት እንዲህ አላደረጉም። በ1970 ስለ ደብረ ሐይቅ አበምኔቶች ባሳተሙት ጥናትና በ1972 ኦክስፎርድ ባሳተመላቸው የቤተ ክርስቲያንና የመንግሥት ታሪክ ውስጥ ገድሉን ከገድል ጋር አፋጠጡ፤ የቱ ቀድሞ ተጻፈ፣ ለማን ተጻፈ ብለው ጠየቁ። የሐይቅ አበምኔት ዐቃቤ ሰዓት ተብሎ በቤተ መንግሥት ትልቅ ሥልጣን ይዞ ነበር፤ በኋላ የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ ገነነ። ክብርና ርስት ከአንዱ ገዳም ወደ ሌላው ሲያጋድል ታሪኩም አብሮ ያጋድላል። እዚህ ላይ ሁለቱ ትረካዎች ሕይወት ይዘራሉ፤ እያንዳንዱ ባለቤት አለው፣ ዘመን አለው፣ የሚሟገትለት ነገር አለው። የተረት ስሪቶች መለያየት ምንጩ ይህ ነው። አንዳቸውም ተበትኖ የሚንሳፈፍ ሞገድ አይደለም፤ አንድ የታወቀ ሰው፣ በታወቀ ምክንያት የተናገረው ነው።

የሐይቁን አፈጣጠር ተረት ደግሞ አስቡ። አንዲት እርጉዝ ሴት በአንዲት ልዕልት ተበደለች። እግዚአብሔር ተቆጣ፤ ሴትየዋ ከተቀመጠችባት ቁራጭ መሬት በቀር ዙሪያው በሙሉ ውሃ ሆነ፤ ልዕልቷ ከወዳጅ ዘመዶቿ ጋር ሰጠመች። የዳነችው መሬት ደሴት ሆነች፤ ገዳሙም እሷ ላይ ነው የተሠራው። ዛሬ ውሃው ሸሽቶ ደሴቲቱ ከየብስ ጋር ተያይዛለች።

ይህ ተረት የችሎት ወሬ ነው። ከሳሽ አለ፣ ተከሳሽ አለ፣ ፍርድ አለ፣ ፍርዱም ማንም ሊሰርዘው በማይችል ቀለም ተጽፏል፤ ጠዋት ጠዋት በር ሲከፈት ይታያል። ድሃና እርጉዝ የሆነች ሴት በየትኛው ዳኛ ፊት ልዕልትን ትረታ ነበር? ተረቱ ረታላት። ልጅ ሆነን ስንሰማው የሁላችንም ጥያቄ አንድ ነበር፤ «ልዕልቷ ምን አደረገቻት?» መልሱ እንደ ተራኪው ይለያያል፤ መለያየቱ ራሱ በዚያ አገር ሰው ምን ምን በደል ሲቀምስ እንደኖረ ይነግረናል። ሌላም አለ። ተረቱ በሴት ምክንያት ዳነች የሚላት መሬት ላይ ያለው ገዳም የወንዶች ነው፤ ሴት አትገባበትም። ይህን ተረት የበለጠ የሚነግረው ማን ነው? በገዳሙ ቅጥር ውስጥ የሚኖረው ወይስ ከውጭ ቆሞ የሚሳለመው? ሁለቱ እኩል ይነግሩታል? እነዚህ የእውነተኛ ጥናት ጥያቄዎች ናቸው፤ መልሳቸው ጆሮና ትዕግሥት ይፈልጋል።

የኳንተሙ ትርጓሜ ሲመጣ ምን ይሆናል? «ሐይቁ ከመታየቱ በፊት መሬትም ውሃም ነበር፤ የሴትየዋ ንቃተ ህሊና ሞገዱን ሰበሰበው» እንባላለን። በደሉስ? የለም። ፍርዱስ? የለም። ለስንት ትውልድ በውሃ ሥር ታስራ የኖረችው ልዕልት በአንድ የባዕድ ቃል ነጻ ትወጣለች። ያቺን እርጉዝ ሴት ለሁለተኛ ጊዜ መበደል ማለት ይህ ነው። የምቆጣውም ለዚህ ነው።

እንግዲህ ክብርን ወደሚመለከተው ጥያቄ ልመለስ። የአያቷ ተረት በራሱ የፍትሕ ሐሳብ የተሸከመ መሆኑን ነግረን ልጅቷን ማኩራት ስንችል፣ ተረቱ የሚከበረው ፊዚክስን ስለሚመስል ነው ካልናት ያስተማርናት ምንድን ነው? ፊዚክስን ያልመሰለ ነገርሽ ሁሉ ዋጋ የለውም ማለታችን አይደለም? ትናንት ፈረንጅ ተረታችንን በራሱ ሚዛን መዝኖ ቀለለ አለን። ዛሬ እኛው ያንኑ ሚዛን ተበድረን፣ በአውራ ጣታችን ጫን አድርገን ከበደ እንላለን። ሚዛኑ ግን ያው የሱ ነው። ከንቀቱ ወጣን የምንለው በንቀቱ በር ገብተን ነው።

የዚሁ እምነት ታላቅ ወንድም ደግሞ አለ፤ የፈረንጅ ሳይንስ ከተዘረፉት ብራናዎቻችን የተቀዳ ነው የሚለው። ዝርፊያው እውነት ነው። በ1868 የእንግሊዝ ጦር ከመቅደላ የወሰዳቸው መጻሕፍት አብዛኞቹ ዛሬም ለንደን ተቀምጠዋል፤ መመለስም አለባቸው። ይሁንና በውስጣቸው ያለው ምሥጢር አይደለም፤ ዊልያም ራይት የዘረዘረበት ካታሎግ ከ1877 ጀምሮ ለማንም ክፍት ነው። ወንጌል፣ መዝሙር፣ ገድል፣ ተአምር፣ ዜማ፣ ትርጓሜ፣ ታሪክ ነው ያለው። ይህ አይበቃም? ሮኬት ካልተገኘበት ብራናው ይረክሳል? ንብረታችን ይመለስልን ብለን ስንሟገት በሌለበት ኳንተም መማል እውነተኛውን ክሳችንን ያዳክማል።

ፊዚክስና ታሪክ አይገናኙም እያልኩ አይደለም። ይገናኛሉ፤ ሲገናኙ ግን እያንዳንዱ የራሱን ሥራ ይዞ ነው። ዓድዋ አጠገብ ያሉት የአባ ገሪማ ወንጌላት ብዙ ሊቃውንት ከ1000 ዓ.ም. ወዲህ የተጻፉ ይመስሏቸው ነበር። የብራናው ቁራጭ ኦክስፎርድ ውስጥ በካርቦን 14 ሲመረመር በ330 እና በ650 መካከል ሆኖ ተገኘ። ካርቦን 14 የሚበሰብሰው በኳንተም ሕግ ነው፤ አንዷ አቶም መቼ እንደምትፈርስ ማንም አያውቅም፣ የብዙዎቹ ግማሽ ግን በ5,730 ዓመት ገደማ እንደሚያልቅ ይታወቃል። ኳንተም ፊዚክስ ለመጻሕፍታችን የዋለው ትልቅ ውለታ ይህ ነው፤ የብዙ መቶ ዓመታት ስህተት አረመ። ይህን ያደረገው በልኬት ነው፤ ምሳሌ በመሆን አይደለም።

ሐይቅም የራሱ አለው። ሐይቁ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ስፋትና ከ80 ሜትር የሚያልፍ ጥልቀት ያለው፣ በገጸ ምድር የሚወጣ ወንዝ የሌለው ውሃ ነው። ድርቅ ሲመጣ ቀላሉ ኦክስጅን ቀድሞ ይተናል፣ ከባዱ ይቀራል፤ ልዩነቱ ታች በሚዘቅጠው ደለል ውስጥ እየታተመ ይከማቻል። የእንግሊዝና የኢትዮጵያ ተመራማሪዎች ይህን ደለል አንብበው በ2007 ያለፉትን 2,000 ዓመታት የአየር ንብረት ታሪክ አሳትመዋል። ውሃው መቼ ሞላ፣ መቼ ሸሸ? ያ ንባብ ከደሴቲቱ ተረትና ከገዳሙ ጽሑፎች ጎን ቢቀመጥ ምን ያሳየን ነበር? ለዚህ የሚሆን ወጣት ተመራማሪ ባገኝ ደስታዬ ወሰን አይኖረውም።

አምባሰል ደግሞ ስሙን ለቅኝት ሰጥቷል። ማሪቱ ለገሰ ስታዜመው የሰማ ሰው የድምፆቹ ርቀት በፒያኖ ላይ ካለው ጋር ልክ ለልክ እንደማይገጥም ጆሮው ይነግረዋል። የማሲንቆ ጅማት ከፈረስ ጭራ የተሠራ አንድ ክር ነው፤ ድምፁ በርዝመቱ፣ በውጥረቱና በክብደቱ ይወሰናል። የአምባሰል አዝማሪዎች አምስቱን ድምፆች የት የት ላይ እንደሚያስቀምጡ አንድ በአንድ ለክቶ መመዝገብ የፊዚክስም የባህልም ሥራ ነው። ኳንተም የሚል ቃል አያስፈልገውም፤ ስለዚህ ይሆናል አዳራሽ የማያገኘው።

ፊዚክስን የሚያከብር ሰው ምን እንደሚያደርግ ለማየትም ሩቅ መሄድ የለብንም። ዶ/ር ሙሉጌታ በቀለ በደርግ ዘመን ታስረው ሳለ አብረዋቸው ለታሰሩት ፊዚክስ ያስተምሩ ነበር፤ በ2012 የአሜሪካ ፊዚክስ ማኅበር የአንድሬ ሳካሮቭን ሽልማት ሰጥቷቸዋል። እስር ቤት ውስጥ ያስተማሩት ትክክለኛውን ፊዚክስ ነው። የእኛ ተማሪዎች፣ ውጭ ሆነው፣ በሒሳቡ ፋንታ የሒሳቡን ጥላ የሚቀበሉት ለምንድን ነው?

ተረትን የሚያከብር ሰው የሚያደርገውንም አይተናል። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ በማይክሮፊልም የተነሡትን የኢትዮጵያ ብራናዎች ገጽ በገጽ እያነበቡ ሲዘረዝሩ ዕድሜያቸውን ሰጡ። ከተነሡት አንዱ በ1280/81 የተጻፈውና የሐይቅ እስጢፋኖሱ የኢየሱስ ሞዓ ወንጌል ነው።

ስለዚህ ይህን ዘርፍ አታቋቁሙት። ኳንተም የሚያጓጓችሁ ሁሉ ሊኒየር አልጀብራውን ያዙ፤ የቤልን ስሌት በወረቀት ላይ በእጃችሁ ሥሩት። ተረት የሚያጓጓችሁ መቅረጫ ያዙና ሐይቅ ውረዱ። ገበያተኛዋን፣ ዓሣ አጥማጁን፣ መነኩሴውን፣ መንዙማ አውጪውን ጠይቁ፤ ልዕልቷ ምን እንዳደረገች እያንዳንዱ የሚለውን ከነቀኑና ከነቦታው መዝግቡ። የሚያውቁት ሰዎች እያረጁ ነው። ከደሴ ሐይቅ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ መንገዱም አስፋልት ነው።